ፋውንደርስ ኦንላይን፦ የጆን አዳምስን ልብ በደብዳቤዎቹ ለሚፈልግ አንባቢ

የሁለተኛውን የአሜሪካ ፕሬዚዳንት የጆን አዳምስን የግል ደብዳቤዎች ለማንበብ መክፈልም መመዝገብም አያስፈልግም። የአሜሪካ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት ከቨርጂኒያ ዩኒቨርሲቲ ማተሚያ ቤት ጋር ሆኖ በ2013 የከፈተው ድረ ገጽ፣ ፋውንደርስ ኦንላይን፣ የዋሽንግተንን፣ የፍራንክሊንን፣ የአዳምስን፣ የጄፈርሰንን፣ የሃሚልተንንና የማዲሰንን ወረቀቶች በአንድ መፈለጊያ ሥር አሰባስቧል። ጆን ጄይ በኋላ ተጨምሯል። ሰነዱ በጠቅላላው ከ180 ሺህ በላይ ነው። (እዚህ ያሉት ዓመታትና ቀናት በሙሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።) ገጾቹ ጽሑፍ ብቻ ስለሆኑ ኔትወርክ በሚያስቸግርበት ቦታም ቶሎ ይከፈታሉ።

ከሰባቱ ሰዎች አዳምስን የመረጥንበት ምክንያት አለን። ማርታ ዋሽንግተን የባሏን ደብዳቤዎች አቃጠለች ይባላል፤ ከተረፉት ጥቂቶች ውስጥ በጁን 1775 የጻፈላት ሁለቱ ይገኛሉ። ጄፈርሰን ከሚስቱ ጋር የተጻጻፈውም አልተረፈም። በእነሱ ስም ገብቶ የትዳር ገበና መፈለግ ደረቅ ጉድጓድ ውስጥ ባልዲ መጣል ነው። ጆንና አቢጌል አዳምስ ግን የተለዋወጧቸው ከ1,100 በላይ ደብዳቤዎች ቀርተዋል፤ የመጀመሪያው፣ ጆን ገና እጮኛዋ ሳለ የጻፈላት፣ የ1762 ነው። በ1774 ራሱ ጆን ደብዳቤዎቹን በጥንቃቄ እንድታስቀምጥ፣ ልጅ ልጆች የዘመኑን ጭንቀት እንዲያዩባቸው ጽፎላታል። ቤተሰቡም አደራውን ጠብቆ ወረቀቱን በ1956 ለማሳቹሴትስ የታሪክ ማኅበር አስረክቧል።

አገልግሎቱን ለመፈተን አንድ የታወቀ ጉዳይ ይዘን ብንገባ ጥንካሬውም ድክመቱም ይታያል። ማርች 31 ቀን 1776 አቢጌል ማሳቹሴትስ ካለው መኖሪያቸው ከብሬንትሪ፣ ፊላዴልፊያ ኮንግረስ ላይ ለነበረው ባሏ ስትጽፍ፣ አዲሱን ሕግ ስታወጡ ሴቶቹን አስቡ፣ ለባሎች ገደብ የሌለው ሥልጣን አትስጡ አለችው። ብዙ ሰው በድረ ገጹ ማጣሪያ ላኪ ላይ አንዷን፣ ተቀባይ ላይ ሌላውን መርጦ ይህን ያገኛል፤ ቀጥሎም የጆንን የኤፕሪል 14 መልስ ያነባል፤ በመልሱ ላይ «ከመሳቅ ሌላ ምን ልበል» ዓይነት ነገር ጽፏል። አንባቢውም ባልየው ነገሩን በቀልድ አለፈው ብሎ ገጹን ይዘጋል።

እዚህ ላይ ነው ማጣሪያው የሚያሳስተው። አቢጌል ኤፕሪል 27 ቀን ለወዳጇ ለመርሲ ኦቲስ ዋረን ጽፋ፣ ሰውየው እንደተሳለቀባት፣ ሁለቱ ሆነው ለኮንግረስ አቤቱታ ቢያስገቡ እንደምትወድ ነገረቻት። ይህ ደብዳቤ ለጆን ስላልተጻፈ የባልና የሚስት ማጣሪያው ውስጥ አይገባም። ለባሏ ደግሞ ሜይ 7 ቀን መለሰችለት፦ ለሕዝቦች ሁሉ ነጻነት እያወጃችሁ በሚስቶቻችሁ ላይ ፍጹም ሥልጣን ይኑረን ትላላችሁ አለችው። ከሁሉ የሚገርመው ጆን ራሱ ሜይ 26 ቀን ለማሳቹሴትሱ ፖለቲከኛ ለጄምስ ሱሊቫን የጻፈው ነው። እዚያ ቀልድ የለም። የድምፅ መስጫ መመዘኛው አንዴ ከተነካ ጥያቄው ማቆሚያ አይኖረውም፣ ሴቶች ድምፅ ይጠይቃሉ፣ ከ12 እስከ 21 ዓመት ያሉ ወጣቶችም ይከተላሉ እያለ በቁም ነገር ይሟገታል። ሚስቱ ዘንድ የሳቀበት ነገር በውስጡ ሲብላላ ቆይቷል ማለት ነው። የሱሊቫኑ ደብዳቤ በታተመው እትም ውስጥ ከቤተሰቡ ደብዳቤዎች ተለይቶ በፖለቲካ ወረቀቶቹ ተርታ ነው የተቀመጠው፤ ቤተ መጻሕፍት ሄዶ የቤተሰቡን ጥራዝ ብቻ የተዋሰ ሰው አያገኘውም። ፋውንደርስ ኦንላይን ሁለቱን ተርታ በአንድ መፈለጊያ ስለሚያቀርብ ግን በአንድ ከሰዓት ይደረስበታል። የድረ ገጹ ትልቁ ዋጋ እዚህ ላይ ነው።

ስለዚህ አጠቃቀሙ እንዲህ ቢሆን ይሻላል። መጀመሪያ ጆንና አቢጌልን በላኪና በተቀባይ ይምረጡና ውጤቱን በቀን ቅደም ተከተል ያሰልፉ። የከበደ ቀን ሲያገኙ፣ ማለትም ኩርፊያ፣ ሞት፣ በሽታ ወይም ሹመት ያለበትን፣ ተቀባዩን ከማጣሪያው ያውጡና የጸሐፊውን ስም ብቻ ትተው ከዚያ ቀን በኋላ ያሉትን ስድስት ሳምንታት ያንብቡ። ስድስት ያልነው ያለ ምክንያት አይደለም፦ ከላይ እንደታየው ከብሬንትሪ የወጣው ደብዳቤ ፊላዴልፊያ ደርሶ መልስ እስኪጻፍበት ድረስ 14 ቀን አልፏል፤ ምላሽና የምላሽ ምላሽ ሲደመር ወር ይዘላል። በዚህ መሀል ሁለቱም ያልደረሳቸውን ዜና ሳያውቁ ይጽፋሉ። በጁላይ 1776 ጆን ኮንግረስ ለነጻነት ስለሰጠው ድምፅ በደስታ ሲጽፍ አቢጌል ልጆቿን ይዛ ለፈንጣጣ ክትባት ቦስተን ገብታ ነበር። ያንን ሳያስተውሉ ቢያነቡ የአንዱ ደስታ ለሌላው ጭንቀት ግድ የለሽ ይመስላል።

በዘመን መክፈያው ግን አይታመኑ። ድረ ገጹ ሰነዶቹን በቅኝ ግዛት ዘመን፣ በአብዮቱ ጦርነት፣ በየፕሬዚዳንቱ ዘመን እያለ ይከፍላቸዋል። «የአብዮት ጦርነት» የሚለውን ብቻ የመረጠ ሰው ጆን በ1774 ወደ መጀመሪያው ኮንግረስ ሲሄድ የጻፋቸውን ያጣል፤ የመለያየታቸው ወግ የሚጀምረው ግን ከዚያ ነው።

ሁለተኛው ጥንቃቄ በገጹ ራስጌ ወይም ግርጌ የሚወጣው ማስጠንቀቂያ ነው። «ኧርሊ አክሰስ» የሚል ምልክት ያለበት ሰነድ አርታኢዎች ከዋናው ጋር አስተያይተው ያላጸደቁት፣ ማብራሪያም የሌለው ረቂቅ ቅጂ ነው። የአዳምስ የሽምግልና ዓመታት ደብዳቤዎች አብዛኞቹ እንዲህ ናቸው። ለማንበብ ምንም አይሉም፤ ቃል በቃል ለመጥቀስ ግን አይበቁም። ርዕሳቸውም ይለያል፦ በተጠናቀቀው እትም አቢጌል አዳምስ የተባለችው በእነዚህ ላይ አቢጌል ስሚዝ አዳምስ ሆና ስለምትመጣ በርዕስ የሚፈልግ ሰው ሁለቱንም መሞከር አለበት።

የግርጌ ማስታወሻዎቹን መጀመሪያ መስመር ብዙ ሰው ይዘለዋል። አይዝለሉት። «አር ሲ» የሚለው ምልክት ተቀባዩ እጅ የደረሰው ወረቀት ነው፤ «ኤል ቢ ሲ» ጸሐፊው በራሱ መዝገብ የገለበጠው ነው፤ «ዲ ኤፍ ቲ» ረቂቁ ነው። ስለ አንድ ሰው ውስጣዊ ሕይወት ሲነገር ልዩነቱ ቀላል አይደለም። ረቂቅ ላይ ኖሮ ከተላከው ላይ የተሰረዘ ዐረፍተ ነገር የሚነግረው የራሱ ነገር አለው፤ እትሙም እነዚህን ልዩነቶች በማስታወሻ ያሳያል። ጆን እስከ 1776 ድረስ የደብዳቤዎቹን ግልባጭ አያስቀርም ነበር፤ ጁን 2 ቀን ለአቢጌል ሲጽፍ ትልቅ መዝገብ መግዛቱንና ከእንግዲህ ግልባጭ እንደሚይዝ ነግሯታል። ከዚያ ቀን ወዲህ የሚጽፈው ለሚስቱም ለመደርደሪያውም መሆኑን ልብ ይሏል።

ጥንቃቄው ከየት እንደመጣም ድረ ገጹ ላይ ይገኛል። ጁላይ 24 ቀን 1775 ጆን ለአቢጌልና ለመርሲ ባል ለጄምስ ዋረን የጻፋቸው ደብዳቤዎች በመንገድ ላይ በእንግሊዞች እጅ ወድቀው ጋዜጣ ላይ ወጡ፤ የሥራ ባልደረባውን ጆን ዲኪንሰንን የናቀበት ቃል በአደባባይ ተነበበ። ከዚህ በኋላ የሚመጡት ደብዳቤዎች ደንደን ያሉ፣ አንዳንዴም ስም የሌለባቸው ቢሆኑ ፍቅር ቀዘቀዘ ብሎ መደምደም ስሕተት ነው። አቢጌል «ፖርሺያ» እያለች መፈረሟም አንባቢን እንዳያደናግር፤ ከርዕሱ ላይ ትክክለኛው ስም አለ።

የዚህ አገልግሎት ዋናው ጉድለት የእጅ ጽሑፉ ሥዕል አለመኖሩ ነው። ለእሱ ወደ ማሳቹሴትስ የታሪክ ማኅበር ድረ ገጽ መሻገር ያስፈልጋል፤ እዚያም ነጻ ነው፤ የባልና የሚስቱ ደብዳቤዎች፣ የጆን የቀን ማስታወሻና የሕይወት ታሪኩ ከነፎቶግራፋቸው ተቀምጠዋል። የት ላይ ይጠቅማል? ጁላይ 10 ቀን 1777 አቢጌል ምጥ ላይ ሆና ስትጽፍ፣ ልሸሸው የማልችለውን ልሸከም ብዕሬን ላስቀምጥ ብላ አቋርጣ እንደገና ትቀጥላለች። ልጅቷ ሞታ ተወለደች። ይህን በተተየበ ፊደል ብቻ ማንበብና ወረቀቱን ማየት አንድ አይደሉም። የማኅበሩ የፎቶ ክፍል ግን የሁለቱን ብቻ ስለያዘ፣ መርሲ ዋረንንም ሱሊቫንንም እዚያ አይፈልጉ።

ፍለጋ ሞተር ላይ በቅድሚያ የሚመጡ የቆዩ ቅጂዎችም አሉ፤ የልጅ ልጃቸው ቻርልስ ፍራንሲስ አዳምስ በ19ኛው መቶ ዘመን ያሳተማቸው ናቸው። ሰውየው ለዘመኑ ጨዋነት ብሎ የአያቱን አጻጻፍ አርሟል፤ የእርግዝናና የሕመም ወሬ የመሰለውንም ቆርጦ ጥሏል። ለውስጣዊ ሕይወት ፈላጊ የተቆረጠው ነው ዋናው። ከዚህ የባሰው ደግሞ የድሮ ጋዜጦች ሥራ ነው፦ ጆን ጁላይ 3 ቀን 1776 በጻፋቸው ሁለት ደብዳቤዎች ወደፊት የሚከበረው የነጻነት ቀን ጁላይ 2 ይሆናል ብሎ ነበር፤ እነሱ ሁለቱን አዋሕደው ቀኑን ወደ ጁላይ 5 አዛውረው ትንቢቱን በእርግጥ ከሚከበረው ከጁላይ 4 ጋር አስማሙት። ፋውንደርስ ኦንላይን ሁለቱን ለየብቻ፣ በየቀናቸው አስቀምጧል።

አማርኛ አንባቢን የሚያሰናክሉ ጥቂት ነገሮች አሉ። ፍለጋው በእንግሊዝኛ ብቻ ነው፤ ፊደሉም እንደ ጸሐፊው አጻጻፍ ስለተተወ የዛሬው አጻጻፍ ያለበት ቃል ደብዳቤውን ላያወጣው ይችላል። «አልቲሞ» ያለፈው ወር፣ «ኢንስታንት» የያዝነው ወር ማለት ነው፤ እነዚህን ያላወቀ ደብዳቤዎቹን ማያያዝ አይችልም። ሁለቱ እርስ በርስ የሚጠራሩበት «ፍሬንድ» በዘመኑ የቅርብ ዘመድንም የትዳር ጓደኛንም ይጨምር ነበር፤ የማሽን ትርጉም «ጓደኛዬ» ብሎ ሲያቀርበው ሙቀቱ ይጠፋል። «ዩ» የሚለውንም ማሽኑ አንተ ይበለው አንቺ ወይስ እርስዎ፣ እንደመጣለት ይቀይረዋል፤ ባል ሚስቱን «አንተ» እያለ የሚጽፍ መስሎ ሲመጣ አይደንግጡ። ቀኑን ወደ ኢትዮጵያ አቆጣጠር ለሚመልስም፦ ያኔ የሁለቱ አቆጣጠሮች ልዩነት ከዛሬው በሁለት ቀን ያንሳል። ማርች 31 ዛሬ መጋቢት 22 ነው፤ በ1776 ግን መጋቢት 24 ቀን 1768 ነበር።

ሳቅ ለሚፈልግ ደግሞ የ1764ቱ አለ። ጆን ቦስተን ለፈንጣጣ ተከትቦ ሳለ ደብዳቤዎቹ ከመከፈታቸው በፊት በጭስ እንዲታጠኑ ያዝዛል፤ ሜይ 7 ቀን የእጮኛውን ጉድለቶች ዘርዝሮ፣ ካርታ አትችይም፣ አትዘፍኚም፣ እግርሽን አነባብረሽ ትቀመጫለሽ ይላታል። እሷም በሁለተኛው ቀን፣ ጨዋ ሰው የሴት እግር ምን አገባው ብላ መለሰች።

የቀን ማስታወሻው እዚያው ድረ ገጽ ላይ አለ። በሜይ 1756 ሃያ ዓመቱ ላይ ከንቱ ውዳሴ መውደድ ዋነኛ ኃጢአቴ ነው ብሎ ጽፏል፤ ከደብዳቤዎቹ ጎን ቢነበብ ብዙ ነገር ያበራል። የሕይወት ታሪኩን ግን በዚያው ዓይን አይዩት። የጻፈው ከ1802 ጀምሮ፣ ከሥልጣን ወርዶ ቅር ተሰኝቶ ሳለ ስለሆነ ምሬቱ የ1802 እንጂ የ1776 አይደለም።

ጆንና ጄፈርሰን በ1812 ታርቀው የተጻጻፏቸው ደብዳቤዎች በሁለቱም ሰዎች ክፍል ውስጥ ስላሉ አንዱ ደብዳቤ ሁለት ጊዜ ሊመጣ ይችላል። ኦክቶበር 20 ቀን 1818 አቢጌል ልትሞት ስምንት ቀን ሲቀራት፣ የሃምሳ አራት ዓመት የትዳር ጓደኛዬ እንዳትናገር እንዳይናገሯትም ተከልክላ ተኝታለች ብሎ የጻፈለት ከእነዚህ ነው። ሁለቱም ከወጡ በማብራሪያ የተዘጋጀውን፣ የጄፈርሰንን ክፍል፣ ይክፈቱ፤ ለጥቅስም የሚያገለግለው እሱ ነው።